አርባ አንድ ፊርማ

«ሞቷል ብለሽ ፈርሚና ገላግዪን። አንቺ ስለፈረምሽ አይሞት፣ ስላልፈረምሽ አይመጣ።»

ይህን ያለው አጎቷ ነው፣ ከመጋረጃው ወዲያ፣ ገና በጠዋቱ። ቃሪያ ከመጋረጃው ወዲህ አልጋ ጫፍ ላይ ተቀምጣ የተማሪ ሸሚዝ ላይ ቁልፍ ትተክል ነበር፤ መርፌዋን አየር ላይ አቁማ የእናቷን መልስ ጠበቀች። መልስ አልመጣም። የመጣው የስፌት መኪናው ድምፅ ነው። እናቷ መናገር ሳትፈልግ ስትቀር ፔዳሉን ትረግጣለች፣ ከመርፌው ሥር ጨርቅ ኖረም አልኖረም። አጎቷም ይህን አመል አምስት ዓመት ሙሉ ስለለመደው መኪናው እስኪደክመው ጠበቀ። ሰውዬው የጭነት መኪና መካኒክ ነው፤ በዕድሜው ስንት ያኮረፈ ሞተር አይቷል። ያለችውን አንድ ወንበር ይዞ፣ የፍርድ ቤቱን ወረቀት በፕላስቲክ ከረጢት ጭኑ ላይ አስቀምጦ፣ ጥፍሩ ውስጥ የማይወጣውን ግራሶ ማየት ያዘ። ወንድሙ ከጠፋ ጀምሮ እሑድ እሑድ መጥቶ እንዲሁ ይቀመጣል፤ ዛሬ ግን ለወረቀቱ ብሎ ማክሰኞ መጥቷል። የወንድሙን ስም አይጠራም። «ሰውዬው» ይላል፣ አንዳንዴ ደግሞ ወደ ቃሪያ ዞሮ «አባትሽ» ይላል፣ ጥፋቱ የእሷ ይመስል።

«ጋሼ፣» አለች እናቷ በመጨረሻ፣ «ልብስ ልቀይር፣ ይውጡልኝ።»

እሺ ማለቷ ነበር። ቃሪያ ክሩን በጥርሷ በጠሰችና እሷም ጫማዋን ፈለገች፤ ማንም ነይ አላላትም፣ ግን ማንም ነይ ብሏት የሄደችበት ቦታ የለም። ቃሪያ ያላት አባቷ ነው። የአራት ዓመት ልጅ ሆና አልነሣ ላለ እንግዳ «ሻይዎን ጨርሰው የለ፣ ምን ይጠብቃሉ?» ብላ ነው ስሙን ያተረፈችው። እንግዳው ተቀይሞ ሄደ፣ አባቷ ሳምንት ሙሉ ሲስቅ ከረመ።

ቤቱ አንድ ክፍል ነው፣ መጋረጃው ሁለት ያስመስለዋል። ወዲያ በኩል ሱቅ ነው፤ የስፌት መኪና፣ መተኮሻ ጠረጴዛ፣ ምስማር ላይ የተንጠለጠሉ የሰው ልብሶች፣ ወደ መንገድ የሚከፈት ባለ ሁለት ክፋይ በር። ወዲህ በኩል አንድ አልጋ፣ አንድ ሣጥን፣ እናትና ልጅ። ለዚህ አከራይዋ በወር አራት ሺህ አምስት መቶ ስትቀበል ኖራ፣ ከመጪው ወር ጀምሮ ስድስት ሺህ ካልሆነ ጓሮ ያለውን ክፍል በሁለት ሺህ ተኩል ውሰዱና ልቀቁልኝ ብላለች። ጤነኛ ሰው ጓሮውን ይወስዳል። የተቀደደ ሱሪ የያዘ ሰው ልብስ ሰፊዋ ጓሮም ብትገባ ጠይቆ ያገኛታል። እናቷ ግን ጓሮ የሚል ቃል በሰማች ቁጥር ፔዳሏን ትረግጣለች። አከራይዋ ለደንበኛ ብላ ነው ትላለች፤ አጎቷ ለጉራ ነው ይላል። እውነቱን የምታውቀው ቃሪያ ብቻ ናት፤ አንድ ቀን እናቷ ክር እየቆረጠች፣ ለክሩ የምትነግረው ይመስል፣ «ቢመጣ የሚያንኳኳው ይኼንን በር ነው» ስትል ሰምታታለች። አባቷ በዚያ በር ነው የወጣው። ኅዳር ሦስት ቀን፣ ሰኞ፣ እንደ ልማዱ አርፍዶ፣ አንዱን ክንዱን ብቻ ኮቱ ውስጥ ከትቶ። የውኃ መሥሪያ ቤት ቆጣሪ አንባቢ ነበር፤ በየሰው ግቢ እየገባ፣ የብረት ክዳን እያነሣ ቁጥር የሚጽፍ ሰው። የዚያን ቀን ከቤት ወጥቶ ሥራ አልደረሰም። ሆስፒታልም አልደረሰ፣ ፖሊስ ጣቢያም አልደረሰ፣ ዘመድ ቤትም አልደረሰ። ቁልፍ እንኳ ሲጠፋ ወይ አልጋ ሥር ወይ የሰው ኪስ ውስጥ ይገኛል።

እና ነገሩ እንዲህ ነው፤ በሩ እንዳይለቀቅ ስድስት ሺህ ያስፈልጋል፤ ስድስት ሺህ እንዲገኝ የአባቷ የጡረታ አበል ያስፈልጋል፤ አበሉ እንዲገኝ ደግሞ አባቷ መሞት አለበት። መጥቶ የሚያንኳኳው በር እንዲኖረው መጀመሪያ ሞቷል መባል አለበት። ቃሪያ ትምህርት ያቆመችው ስድስተኛ ክፍል ላይ ነው፣ ግን ይኼንን ለመረዳት ሰባተኛ ክፍል አያስፈልግም።

የጡረታው ቢሮ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ነው፣ ሊፍት የለውም። ጡረታ የሚጠይቅ ሰው ደረጃውን ከወጣ ገና ጤነኛ ነው፣ ካልወጣም ከወረፋው ይቀነሳል፤ ማን እንዳሰበው እንጃ እንጂ ጥሩ አስቧል። አግዳሚ ወንበሩ ላይ ሁለት ሰዓት ተቀመጡ። አጎቷ መሀል ነው፣ እናትና ልጅ ግራና ቀኝ። አጎቷ አንድ ጊዜ «ውኃ ልግዛ?» አለ፣ አልገዛም። ቁጥራቸው ሲጠራ ትራስ ያነጠፈ ወንበር ላይ የተቀመጠች፣ መነጽሯን ግንባሯ ላይ የሰቀለች ሠራተኛ ተቀበለቻቸው። ጥሩ ሴት ትመስላለች። ችግሩ ቅጹ ነው። የሟች ስም። የሟች የቅጥር ዘመን። የሟች የመጨረሻ ደመወዝ። ሴትዮዋ «ሟች» ባለች ቁጥር እናቷ ዘወር ትላለች፣ ከኋላዋ ሌላ ባለጉዳይ የቆመ ይመስል።

«የሟች ባለቤት እርስዎ ነዎት?»

ቃሪያ ወደ ታች ብታይ የእናቷ ቀኝ እግር ሲሚንቶውን ይረግጣል፤ ከፍ ዝቅ፣ ከፍ ዝቅ።

«እሷ ናት፣» አለች ቃሪያ። «እኔ ልጁ ነኝ። ጋሼ ደግሞ የሟች ወንድም ናቸው፣ ግን እሳቸው አልሞቱም፣ መልካቸው ነው።»

ሴትዮዋ እንዳትስቅ ከንፈሯን ነከሰች፤ አጎቷ ሊቆጣ አፉን ከፍቶ ተወው። የፍርድ ቤቱን የመጥፋት ውሳኔ ከፕላስቲኩ አወጣና አስረከበ። ይህን ወረቀት ለማግኘት አንድ ዓመት ሙሉ ተመላልሷል፤ ሁለት ጊዜ ጋዜጣ ላይ አስነግሯል፣ ሦስት ምስክር አቁሟል። ሴትዮዋ መነጽሯን ከግንባሯ አውርዳ አነበበችና ከውኃ መሥሪያ ቤቱ በፖስታ የመጣላትን ማስረጃ አጠገቡ ዘረጋች። አንዱን አየች፣ ሌላውን አየች፣ ደግማ አንዱን አየች።

«ሰውዬው መቼ ነው የጠፉት?»

«ኅዳር ሦስት፣» አለ አጎቷ። «ተጽፏልኮ።»

«እዚህ ተጽፏል። እዚህ ደግሞ እስከ ታኅሣሥ አሥራ ዘጠኝ ድረስ ሥራ ገበታቸው ላይ ነበሩ ይላል። አርባ አንድ የሥራ ቀን። በየቀኑ ፈርመዋል።» ጣቷን ወረቀቱ ላይ እንዳሳረፈች ቀና አለች። «የጠፋ ሰው አቴንዳንስ አይፈርምም፣ ወንድሜ።»

«ስህተት ነዋ!»

«ስህተት ከሆነ ስህተት ነው የሚል ደብዳቤ ከመሥሪያ ቤቱ ይምጣልኝ። ወይ ፍርድ ቤቱ ዋሽቷል ወይ መሥሪያ ቤቱ ዋሽቷል፣ እኔ መሀል ገብቼ አልመታም። እስከ ዓርብ ካመጣችሁ በዚህ ወር ዝርዝር አስገባችኋለሁ፤ ወር ሲያልቅ ትወስዳላችሁ። ዓርብ ካለፈ ወረፋው እንደገና ነው፣ ሦስት ወርም አራት ወርም ሊሆን ይችላል።» ይህን ስትል ወደ እናቷ ዞራ ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። «ዛሬ ማክሰኞ ነው፣ የኔ እህት። ትደርሻለሽ።»

ደረጃው ላይ የአጎቷ ስልክ ጮኸ፤ ጋራዡ ነው፣ የፈረሰ የፍሬን ሥራ ጥሎ መጥቷል። ስልኩን ዘግቶ ለአውቶቡስ የሚሆን ሳንቲም ለቃሪያ ሰጣት። ከዚያ እናቷን አያት፣ እናቷም አየችው። አምስት ዓመት ሙሉ እንዲህ ተያይተው አያውቁም። አርባ አንድ ቀን። ከቤት ወጥቶ፣ እዚሁ ከተማ ውስጥ ሆኖ፣ በየቀኑ ሥራ እየገባ፣ ወደ ቤቱ ሳይመጣ። ሦስቱም ያሰቡት አንድ ነገር ነው። «ስህተት ነው» አለ አጎቷ ደግሞ፣ አሁን ግን እንደ ቅድሙ ጮክ ብሎ አይደለም፤ ደረጃውንም ሁለት ሁለቱን እየዘለለ ወረደ፣ እንዳይጠሩት የፈራ ይመስል።

አውቶቡስ ውስጥ እናቷ የመስኮቱን ወንበር ያዘች። ቃሪያ ተናዳለች። የመናደዷን ያህል ደግሞ በሕይወት አለ ማለት ነው ብላ ደስ ብሏታል፤ ሁለቱን አንድ ላይ መያዝ ከብዷታል። ስምንት ዓመቷ ነበር ያኔ። አርባ አንዱን ቀን በሙሉ ታስታውሰዋለች፤ ከትምህርት ቤት ስትመለስ ሩጣ የምትገባው፣ ጥግ ላይ ቆማ ረዥም ሰው ባየች ቁጥር የምትከተለው። አንዱን ረዥም ሰውዬ እስከ ገበያ ድረስ ተከትላው ዘወር ብሎ «ምን ፈለግሽ?» ቢላት «ምንም፣ አረማመድዎ ያስቃል» ብላው ሮጣለች። እና ያን ጊዜ ሁሉ አባቷ እስክሪብቶ ይዞ ይፈርም ነበር? ሦስተኛው ቀን ላይ እናቷ መሥሪያ ቤቱ ድረስ ሄዳ «አልመጣም» ተብላ አልነበር? ማን ነው የዋሸው? ቃሪያ ወደ እናቷ ዞረች። እናቷ በመስኮቱ መስታወት ውስጥ ሻርፗን ታስተካክል ነበር። ጸጉሯን በጣቷ ወደ ውስጥ መለሰች፣ ጉንጯን ጠረግ አደረገች፣ ትንሽ ራቅ ብላ ራሷን አየች። ቃሪያ እናቷ እንዲህ ስታደርግ አይታ አታውቅም፤ ወይም አይታ ረስታዋለች።

«እማ።»

«ምን?»

«ሌላ ቤት ነበረው ማለት ነው?»

«ይኑረው፣» አለች እናቷ መስታወቱን እንዳየች። አውቶቡሱ ቆመ፣ ሰው ወረደ፣ ሰው ተሳፈረ። «ይኑረው። ልጆችም ይኑሩት። ብቻ ይኑር።»

ቃሪያ የእናቷን ሻርፕ ጫፍ ወደ ትከሻዋ መለሰችላት።

የውኃ መሥሪያ ቤቱ ግቢ ውስጥ ዝገት የበላቸው ቱቦዎች ተቆልለዋል። ውኃ የሚያድለው መሥሪያ ቤት ራሱ ቧንቧው ደርቆ በባልዲ ይቀዳል። የመዝገብ ክፍሉ ምድር ቤት ነው፤ እዚያ ያለውን ሽማግሌ ሁሉም ጋሽ ሰዓት ይለዋል። ሠላሳ ስድስት ዓመት ሙሉ ሥራው ሠራተኛ መግባትና አለመግባቱን መቆጣጠር ነበር፤ ማሽን ሲመጣ መዝገቦቹን ይዞ ወደ ምድር ቤት ወረደ። አንድ እግሩ ትንሽ ያጥረዋል፣ ሹራቡ ክርን ላይ ተጥፏል። እናቷን በር ላይ ሲያያት ከወንበሩ ተነሣ፣ ግን ዓይኗን አላየም፣ ዓይኑ የሻርፗ ጫፍ ላይ ቀረ።

«እንዴት ነሽ፣ ልጄ። ይቺ ቀጫጫ ያቺ ትንሿ ናት?»

«አድጌ ነው የቀጠንኩት፣» አለች ቃሪያ። «የጡረታው ቢሮ ደብዳቤ አምጡ ብሎናል፤ የአባቴን አቴንዳንስ ልናይ ነው የመጣነው። የኅዳርና የታኅሣሥ። የዚያን ዓመት።»

«እሱ ምን ያደርግላችኋል? አቧራ ነው።»

«ጋሽዬ፣» አለች እናቷ ቀስ ብላ፣ «ያሳዩኝ። ፊርማውን ልየው።»

ሽማግሌው ከዚያ በኋላ አልተከራከረም። መደርደሪያው መሀል ገባ፣ ቆየ፣ ሲፈልግ የቆየ ግን አይመስልም። ይዞት የወጣው መዝገብ ትልቅና ጥቁር ነው፣ ጠረጴዛው ላይ ሲያርፍ አቧራው ተነሣ። የእያንዳንዱ ቀን ገጽ ለብቻው ነው። ሠራተኛው እንደ አመጣጡ ከላይ ወደ ታች ይፈርማል፤ ሁለት ሰዓት ተኩል ሲሆን ጋሽ ሰዓት በማስመሪያ ቀይ መስመር ያሰምራል፤ ከዚያ በኋላ የመጣ ከቀዩ በታች ይፈርማል፣ አጠገቡም ለምን እንዳረፈደ ይጽፋል። ቃሪያ ጥቅምትን ገለጠች። አባቷን ለማግኘት አልተቸገረችም። ፊርማው ሦስት ቦታ የተቋጠረ ገመድ ይመስላል፣ ሁልጊዜም ከቀዩ በታች ነው። ጥቅምት አምስት፣ «ዝናብ»። ጥቅምት ስድስት፣ «አውቶቡስ»። ጥቅምት ዘጠኝ፣ «ሸሚዜ እስኪደርቅ»። ጥቅምት አሥራ ሁለት፣ «የሰፈር ውሻ»፤ ውሻው ምን እንዳደረገ አልተጻፈም። ጥቅምት ሃያ ላይ ግን ጽሑፉ ረዘም ያለ ነበር፣ ጠርዙ ላይ ወጥቶ ታጥፏል፦ «ልጄ እግሬ ላይ ተጠምጥማ አልለቅም ስላለች ጉቦ ከረሜላ ልገዛ ሄጄ»።

ቃሪያ ያን መስመር ሁለት ጊዜ አነበበችው። ከረሜላውን አታስታውሰውም። እግሩን ግን ታስታውሰዋለች፤ የሱሪው ጨርቅ ጉንጯን ሲፈትጋት፣ እሱ እሷን ይዞ ወደ በሩ እያነከሰ ሲሄድ፣ «ሰዎች፣ እግሬ ታሟል፣ የሆነ ነገር በቅሎበታል» እያለ። እናቷ ከትከሻዋ በላይ ታነባለች፤ ትንፋሿ ይሰማል። አምስት ዓመት ሙሉ በቤቱ የእሱ ጽሑፍ ነው የሚባል አንዲት የውኃ ደረሰኝ ጀርባ ብቻ ነበረች፣ እሷም ላይ ያለው ቁጥር ነው። እዚህ ግን ሙሉ መጽሐፍ። እናቷ እጇን ሰዳ የጥቅምት ሃያን መስመር በጣቷ ነካችው፣ ጨርቅ ጥራቱ እንደሚታይ፣ በአውራ ጣትና በሌባ ጣት ወረቀቱን ጭምር ይዛ።

ከዚያ ኅዳር ሦስት መጣ። ፊርማው አለ። ኅዳር አራት፣ አለ። አምስት፣ ስድስት፣ ሰባት። ገመዱ ሦስት ቦታ ተቋጥሮ፣ በየገጹ። «አየሽ?» አለች በሹክሹክታ፣ «አየሽ?» ቃሪያ ገለጠች፣ ገለጠች፤ ከዚያ ጣቷ ዘገየ፣ ወደ ኋላ ተመለሰች፣ ደግማ ወደ ፊት ሄደች። ልብ ያለችው ነገር መጀመሪያ ሊያስቃት ነበር።

«ይኼ አባቴ አይደለም፣» አለች።

«ምን ትቀባጥሪያለሽ፣ ፊርማው ነው!»

«እማ፣ ቀዩን መስመር እዪው። በሙሉ ከቀዩ በላይ ነው። አርባ አንዱም። አባዬ በሕይወቱ ሁለት ቀን አከታትሎ በሰዓቱ ገብቶ ያውቃል? ለሠርጋችሁስ በሰዓቱ ደርሷል?»

ሦስቱም መዝገቡ ላይ እንዳጎነበሱ ቀሩ። ከላይ በኩል፣ ኮሪደር ላይ፣ አንድ ሰው ባልዲ ሲያስቀምጥ ተሰማ።

«እኔ ነኝ፣» አለ ጋሽ ሰዓት።

ተቀመጠ። ሲናገር እጆቹን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ነበር፣ ራሱን ለዳኛ እንደሚያቀርብ ሰው። አምስት ቀን አከታትሎ የቀረ ሠራተኛ ማስጠንቀቂያ ይለጠፍበታል፣ አሥር ቀን ከሞላው ይሰናበታል። የተሰናበተ ሰው ጡረታ የለውም። ሰኞ ዕለት ሲቀርበት ነገ ይመጣል ብሎ ፈረመለት። ማክሰኞ ነገ ይመጣል አለ። እሮብ እናቷ መጥታ ስትጠይቀው አልመጣም አላት፣ እውነቱን ነው፣ እሷ ስትወጣ ግን መዝገቡን ከፍቶ ፈረመ፤ እንደዚያ ሆና ካያት በኋላማ እንዴት አድርጎ ይተወዋል። አንዴ ከጀመረ ማቆሚያው ጠፋው። ያቆመበት ቀን የሞተበት ቀን ሊሆንበት ነው። ደመወዙ ባንክ ገብቶ እዚያው ተኝቷል፤ ያለ ባለቤቱ ማን ያወጣዋል። ፊርማ ኖሮ ንባብ ከሌለ ደግሞ ስለሚነቃ፣ ከሥራ በኋላ በዚያች አጭር እግሩ አባቷ ያነብበት የነበረውን ሰፈር እየዞረ ቆጣሪዎቹን ያነብ ነበር፣ በየበሩም አይታችሁታል ወይ እያለ። ታኅሣሥ ሃያ የጣት አሻራ ማሽኑ ተገጠመ፤ ያኔ መሥሪያ ቤቱ ጠፍቷል ብሎ መዘገበው እንጂ አላሰናበተውም። «ፊርማውን አውቀው ነበር፣» አለ። «ጣቱን ግን ከየት ላምጣ?»

እናቷ አላለቀሰችም። ሻርፗን ከራሷ ላይ አውርዳ አጠፈችው፣ አጠፈችው፣ መሐረብ እስኪያክል አጠፈችው። በአውቶቡሱ መስታወት ውስጥ የነበረችዋ ሴት የት እንደገባች ቃሪያ አታውቅም፣ ግን ሄዳለች።

«ደብዳቤ ነው የፈለጉት፣ አይደል?» አለ ሽማግሌው። ከመሳቢያው ወረቀት አወጣ፣ የእስክሪብቶውን ክዳን ፈታ። «እጽፋለሁ። እኔ ነኝ የፈረምኩት ብዬ እጽፋለሁ። ለኃላፊው አስፈርሜ ዛሬውኑ ትወስዱታላችሁ።»

«እሰይ!» አለች ቃሪያ። «ዓርብ እንደርሳለን፣ እማ።»

«እርስዎስ?» አለች እናቷ።

«እኔ ምን?»

«ሲጽፉ ምን ይሆናሉ?»

ሽማግሌው ክዳኑን መልሶ ገጠመው፣ ደግሞ ፈታው። «ሁለት ወር ቀርቶኝ ነበር ለጡረታ። ያው ያሰናብቱኛል። የተሰናበተ ሰው ደግሞ... ቅድም ነግሬሻለሁ።» ፈገግ ለማለት ሞከረ። «ያጠፋሁት እኔ ነኝ፣ ልጄ። አንቺ አታስቢ።»

ቃሪያ ወደ እናቷ እግር አየች፤ እግሯ አልተንቀሳቀሰም። ይኼ ነው ያስፈራት።

«ሁለት ወር ሲሞላ ይጻፉት፣» አለች እናቷ።

«እማ! ዓርብ ነው ያለችው! ሁለት ወር ቆይተን፣ ከዚያ ደግሞ ወረፋ! በሩስ?»

«ሰምተሽኛል።»

«አንቺ ሴትዮ፣ ልጅቷ ልክ ናት...» አለ ጋሽ ሰዓት።

«ጡረታዎን ከያዙ በኋላ ማንም አያሰናብትዎትም። ያኔ ይጽፉልኛል። ሁለት ወር አይደለ?» ወንበር ስባ ተቀመጠች፣ የታጠፈውን ሻርፕ ጭኗ ላይ አድርጋ። «አሁን ሌላ ነገር ይንገሩኝ። ሰፈሩን ሲዞሩ፣ ሰዎቹ ምን ይሉዎት ነበር?»

ሽማግሌው እስክሪብቶውን አስቀመጠ። ከዚያ ቀስ እያለ ነገራት። አባቷ አንዲት አሮጊት ግቢ ውስጥ ሁልጊዜ ውኃ ይጠይቅ ነበር፤ የእርስዎ ውኃ ከሌላው ይጣፍጣል ይላታል፣ ያው አንድ ቱቦ ነው። ሰው የማያስጠጋ አንድ ክፉ ውሻ እሱ ሲመጣ ጭራውን ይቆላል፤ ጋሽ ሰዓትን ግን ሱሪውን ቀዶታል። ክዳን ሲያነሣ ያንጎራጉራል፣ ዜማ ግን የለውም ይላሉ፤ የሆነ ቤት ያሉ ልጆች ይዘውበት እስካሁን ያንጎራጉሩታል። ቁጥሩ የበዛበት ሰው ሲያጉረመርም «ውኃው እንጂ እኔ አልጠጣሁት» ይላል። እናቷ አንዱን ሰምታ «ሌላስ?» ትላለች። አንዱን ሰምታ «እሺ፣ ሌላስ?»። ባሏ ያልነገራት ብዙ ነገር ነበር፤ እሱም ማታ ገብቶ ቁጥር ብቻ ነበር የሚያወራው፣ እሷም ክር ብቻ ነበር የምትቆርጠው። ቃሪያ ተናዳ ግድግዳ ተደግፋ ቆመች፤ ሲቆይ ደግሞ ተንሸራታ ወለሉ ላይ ተቀመጠች፣ ሲቆይ እሷም «ዜማው እንዴት ነው?» አለች። ጋሽ ሰዓት አንጎራጎረላት። እውነትም ዜማ የለውም።

ወደ ቤት በእግራቸው ተመለሱ። እናቷ ፊት ፊት ትሄዳለች፣ አረማመዷ ቀሏል፤ አንድ ልብስ መሸጫ ጋ ቆማ የኮት እጅጌ እንኳ ገልብጣ ስፌቱን አየች። ቃሪያ ከኋላ ከኋላ ትጎተታለች። የተናገረችው ሁሉ ደግነት ነው፣ ቃሪያ አልካደችም። ግን ለሰው ደግ ለመሆን የራስን በር መስጠት ምን ይሉታል? ሽማግሌውስ ቢሆን ቤት አለው፣ ልጆች አሉት፣ እግሩም ቢሆን አንዱ ጤነኛ ነው።

«ጓሮ ገብተን እንዴት ያገኘናል?» አለች በመጨረሻ፤ ድምፅዋ እንደፈለገችው አልወጣም። «በሩን የሌላ ሰው ሱቅ ነው ብሎ ይመለሳል።»

«አባትሽ ሃያ ዓመት ሙሉ በሰው ጓሮ ሲዞር የኖረ ሰው ነው፣» አለች እናቷ ዘወር ሳትል። «ጓሮማ እንዴት ይጠፋዋል?»

ሰፈር ሲደርሱ አከራይዋ ግቢውን በጎማ እያጠበች ነበር። ወሬው ቀድሟቸው ደርሷል፤ አጎቷ ደውሎ ጠይቋል፣ ሱቅ በደረቴም ጠይቋል፣ ማን ያልጠየቀ አለ። ጎማውን ዘግታ፣ እርጥብ እጇን ቀሚሷ ላይ አደራርቃ፣ ፊቷን ለሐዘንም ለደስታም የሚሆን አድርጋ አዘጋጅታ ቀረበች።

«እህሳ፣ እንዴት ሆነ? አለቀ? ሞተ ተባለ?»

«ገና ነው፣ እትዬ፣» አለች ቃሪያ። «ሁለት ወር ይቀረዋል።»

እናቷ ሳቀች። እንዲያው አፏን በሻርፗ ይዛ፣ ከወገቧ ጎንበስ ብላ፣ በሩን ተደግፋ ሳቀች፤ ሊቆም ሲል ደግሞ ይመለስባታል፣ ዓይኗ ሞልቶ ጉንጯ ላይ እስኪወርድ ድረስ። አከራይዋ ደንግጣ አንድ ጊዜ እናቲቱን አንድ ጊዜ ልጅቷን አየች። ቃሪያ ግን የእናቷን ፊት ስታይ ገባት። እናቷ ለሽማግሌው ማዘኗ እውነት ነው፤ ያዘነችለት ግን ለእሱ ብቻ አልነበረም። ጠዋት ከቤት ስትወጣ ባሏ በዚያው ቀን ሊሞት ነበር።

«ጓሮውን እንወስዳለን፣» አለች እናቷ ፊቷን እየጠረገች። «ነገውኑ እንገባለን።»

አከራይዋ ቁልፉን ልታመጣ ገባች። እናትና ልጅ መንገዱ ዳር ካለው በር ፊት ቆመው ጠበቋት። አንድ ረዥም ሰውዬ ከሥራ ሲመለስ በወዲያኛው ጠርዝ አለፈ፤ ሁለቱም አዩት፣ ሁለቱም እንዳላዩ ሆኑ።

«ሁለት ወር እኮ ብዙ ነው፣» አለች እናቷ።